ምሳ ብቻውን ተወዛዋዥ አያሳድግም



ባለፈው ስብሰባችን ላይ ልጆቻችን እስክስታ ሲወርዱ ሁላችንም በእልልታ ተቀበልናቸው። ቁምጣውም ቀሚሱም ከጎረቤት የተዋሱት ነበር። ሲጨርሱ ምሳ አብልተን ሸኘናቸው። ይኸ ነገር እኔን ይከነክነኛል።

ከ1966ቱ ለውጥ በኋላ በየቀበሌው የኪነት ጓድ ተቋቁሞ ነበር፤ ሁሉም በአማተርነት የጀመረ ነው። የወሎው ላሊበላ፣ የጎንደሩ ፋሲለደስ፣ የእኛው የጎጃሙ ግሽ ዓባይ ስማቸው የገነነው በዚያ ዘመን ነው። ማሪቱ ለገሰም ከላሊበላ የወጣች ናት።

አማተሩን ባለሙያ የሚያደርገው ትከሻ ብቻ አይደለም። የልምምድ ሰዓት፣ አሠልጣኝ፣ የራስ ልብስና ክፍያ ያስፈልጋል። ትከሻማ የኛም ልጆች አላቸው።

አንዳንዱ «ጭፈራ ደግሞ ምን ሙያ ነው?» ይላል። ታዲያ ሠርጉ ሲደርስ ስለምን ይጠራቸዋል?

ስለዚህ አዳራሹ በሳምንት ሁለት ማታ ይፈቀድላቸው። ለሠርግ የሚጠራቸውም ከምሳው ሌላ የድካማቸውን ይክፈል። ወላጆችም ሴቶች ልጆቻችሁን ከልምምድ አታስቀሩብን። ያለዚያ ጎበዝ ጎበዙ ባሕር ዳርና አዲስ አበባ ሄዶ ይቀራል፤ እኛም መራዊ ላይ በሞንታርቦ ስንጨፍር እንኖራለን።

የማኅበሩ ጸሐፊ