ባለዕዳ የሌለው ቀሪ ሂሳብ



«ሙላልኝ» የሚለው ቃል ከዚራ ውስጥ ትርጉሙ ሰፍቷል። ድሮ የሞባይል ካርድ ማለት ነበር። ዛሬ ከዐስር በኋላ በዛፎቹ ጥላ ስር ስልካቸውን አግድም ይዘው ከተደረደሩት ልጆች አንዱ «ሙላልኝ» ካለ የፐብጂ ዩሲ፣ የፍሪ ፋየር ዳይመንድ ወይም የኢፉትቦል ኮይን ሊሆን ይችላል። ብሩ በቴሌብር ይሄዳል፤ ትንሽ ቆይቶ በስክሪኑ ጥግ ያለው ቁጥር ያድጋል። ልጁም «ባላንሴ ገባ» ይላል።

እኔ የምከራከረው ከዚህች «ባላንስ» ከምትባል ቃል ጋር ነው። ጌም መጫወት ይፈቀዳል አይፈቀድም የሚለውን ኡስታዞቻችሁን ጠይቁ፤ እሱ የእነሱ ሥራ ነው። የኔ ጥያቄ ከዚያ ያነሰ ይመስላል። ያ ቁጥር ምንድን ነው? የማንስ ነው?

ወንድሜ፣ እህቴ፣ ቀሪ ሂሳብ ሲባል ባለዕዳ መኖር አለበት። ባንክ ውስጥ 5,000 ብር አለኝ ስትል ባንኩ 5,000 ብር አለብኝ ብሎ መዝግቦልሃል ማለት ነው። ቴሌብርም እንደዚሁ ነው። በግንቦት 2013 ዓ.ም. ሲጀምር ብዙ ሰው «ስልክ ውስጥ ያለ ብር ምን ብር ነው?» ብሎ ነበር። ነገር ግን ኤሌክትሮኒክ ገንዘብ የሚያወጣ ድርጅት ከደንበኞች የተቀበለውን ያህል ባንክ ውስጥ እንዲያስቀምጥ የብሔራዊ ባንክ መመሪያ ያስገድደዋል። ለዚህ ነው ወኪሉ ጋ ሄደህ «አውጣልኝ» ስትለው ጥሬ ብር የሚቆጥርልህ።

የሞባይል ካርድ ከዚህ አንድ ደረጃ ይወርዳል። *804# ስትደውል የሚመጣልህ ቀሪ ሂሳብ ተመልሶ ጥሬ ብር አይሆንም። ቢሆንም ለእህትህ ታስተላልፈዋለህ፤ ቴሌም የንግግርና የኢንተርኔት አገልግሎት ዕዳ አለበት። ይህም ቢሆን ዕዳ ነው።

ወደ ጌሙ ስንመጣ ደረጃው ያልቃል። «ተስማምቻለሁ» የሚለውን ስንጫን ሳናነበው የምናልፈው ረጅም ጽሑፍ አለ። የጌሞቹ ውል በአነጋገር ይለያያል እንጂ ፍሬ ነገሩ አንድ ነው። ኮይኑ ገንዘብ አይደለም፤ ወደ ገንዘብ አይመለስም፤ ለሌላ ሰው አይሸጥም፤ አንተ የገዛኸው በጌሙ ውስጥ የመጠቀም ውስን ፈቃድ ነው፤ ድርጅቱ ዋጋውን ሊቀይር፣ አካውንቱን ሊዘጋ፣ ጌሙን ራሱን ሊያቆም ይችላል። ሽያጩ ያለቀው ኮይኑን የገዛህ ዕለት ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ቁጥር ማንም ላንተ ያለበት ዕዳ አይደለም።

በእኛ ሚዛን ለማየት ሁለት ቀላል ጥያቄ አለ። በረመዷን ዘካህን ስታሰላ የባንክህንና የቴሌብርህን ታያለህ። ዩሲውን የሚደምር ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም፤ ሲነገረውም ይስቃል። ሰው ሲሞት ደግሞ ባንክ ያለው ብር ለወራሾቹ ይከፋፈላል። የጌም አካውንት ግን በአብዛኛው ውል መሠረት ለማንም አይተላለፍም። ዘካ የማይታሰብበት፣ ሚራስ የማይገባበት «ንብረት» ምን ዓይነት ንብረት ነው?

ምናባዊ ፍራቻ እንዳይመስላችሁ አንድ ምሳሌ ልጥቀስ። አፔክስ ሌጀንድስ ሞባይል የሚባለው ጌም እ.ኤ.አ. በሜይ 2022 ወጥቶ ሜይ 1 ቀን 2023 ተዘጋ። አንድ ዓመት እንኳ አልሞላውም። ያወጣው ኢኤ የተባለው ግዙፍ ኩባንያ ነው፤ አልከሰረም፣ አልጠፋም። በራሱ ውሳኔ ሰርቨሩን አጠፋ። ከሰርቨሩ ጋር ልብሱም፣ መሣሪያውም፣ የደረስክበት ደረጃም ጠፋ።

ሰርቨር ካልን አሠራሩን እንየው፤ ብዙ ልጅ የሚታለለው እዚህ ላይ ስለሆነ። ኮይንህ ስልክህ ውስጥ የለም። በድርጅቱ ኮምፒውተር ውስጥ በስምህ የተያዘ አንድ መስመር ነው። ስልክህ የሚያሳይህ ያንን መስመር አንብቦ ነው። ስትገዛ መጀመሪያ ጎግል ፕሌይ ወይም አፕ ስቶር ክፍያውን ይቀበላል፣ የራሱን ድርሻ ይቆርጣል (እስከ 30 በመቶ ይደርሳል)፣ ደረሰኝ ያወጣል። የጌሙ ሰርቨር ደረሰኙን ያረጋግጥና መስመሩ ላይ ይደምራል። ለዚህ ነው «ነፃ ዳይመንድ» የሚሉ ድረ ገጾች ሁሉ ውሸት የሆኑት። ስልክህ ላይ ያለውን ቁጥር ቢቀይሩት እንኳ ሰርቨሩ ላይ ያለው አይነካም። እነሱ የሚፈልጉት የይለፍ ቃልህን ነው።

እኛ አገር ዓለም አቀፍ ካርድ ያለው ወጣት ጥቂት ነው። ስለዚህ በመሃል ደላላ ገባ። በቴሌግራም የጌም መለያ ቁጥርህን ትልካለህ፣ በቴሌብር ትከፍላለህ፣ እሱ ውጭ ባለ ካርድ ወይም በስጦታ ኮድ ይሞላልሃል። ሥራውን በታማኝነት የሚሠሩ አሉ፤ ሰው የሚፈልገውን አገልግሎት አቅርበው ትርፋቸውን ቢወስዱ ነውር የለበትም። ችግሩ «በግማሽ ዋጋ» የሚለው ማስታወቂያ ነው። የድሬ ልጅ ሆኖ አሸዋ ገበያ ውስጥ ከልክ በላይ የረከሰ ዕቃ ሲያይ ከየት እንደመጣ የማይጠይቅ የለም። እዚህ ግን አይጠይቅም። ርካሹ ዩሲ የተገዛው በተሰረቀ ካርድ ከሆነ ወይም ሻጩ ከገዛ በኋላ ገንዘቡን ካስመለሰ፣ ስቶሩ ለጌሙ ያሳውቃል፤ ሰርቨሩም ከመስመርህ ላይ ይቀንሳል። ተጠቅመህበት ከሆነ ከዜሮ በታች ትወርዳለህ፤ አካውንቱም ሊታገድ ይችላል። አያችሁ? ድርጅቱ ላንተ ዕዳ የለበትም፤ አንተ ግን ለእሱ ዕዳ ሊኖርብህ ይችላል። የተሰረቀ ካርድ ከሆነ ደግሞ የሌላ ሰው ሐቅ አለበት፤ ያ ከጌሙ የሚከብድ ጉዳይ ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ያዙ። ፐብጂና ፍሪ ፋየር ለመሙላት መለያ ቁጥር ይበቃል። የይለፍ ቃል የሚጠይቅህ ደላላ ሊሞላልህ አይደለም።

አሁን ወደ ሒሳቡ። የፐብጂ ሞባይል የተለመዱ ጥቅሎች 60 ዩሲ በ0.99 ዶላር፣ 325 በ4.99፣ 660 በ9.99 ናቸው። እንበል የፈለግከው ልብስ 400 ዩሲ ነው። 400 የሚባል ጥቅል የለም። 660 ትገዛለህ፤ 260 ይተርፋል። «ብልጥ ነኝ» ብለህ 325 እና ሁለት ጊዜ 60 ብትገዛ 445 ይሆናል፤ 45 ይተርፋል። በ45 ምን ይገዛል? ምንም የረባ ነገር። ግን ዝም ብሎ አይቀመጥም፤ «ትንሽ ብትጨምር ይሞላል» እያለ ይጠራሃል። በቀጣዩ ግዢ ሌላ ቅሪት ይመጣል። የጥቅሉ ልክና የዕቃው ዋጋ እንዳይገጥም መደረጉ የእጅ ስህተት አይመስለኝም። የአንዱ ዩሲ ዋጋ ራሱ አንድ አይደለም፤ በትንሹ ጥቅል 1.65 ሳንቲም፣ በትልቁ 1.51 ሳንቲም የአሜሪካ ነው። ሱቅ ቆመህ በልብህ ማስላት አትችልም። እንዳትችል ነው።

ከዚህም የባሰው ብር ሲወድቅ የሆነው ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪው ለገበያ ሲለቀቅ ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። በጥቂት ሳምንታት ከ100 አለፈ። በባንክ ምንዛሪ ብናሰላው ያ 660 ዩሲ ከ570 ብር ገደማ ተነስቶ 1,000 ብር ተሻገረ። ዘይት ሲጨምር ከፊራ ገበያ ላይ ጩኸት ተሰማ፤ እናቶቻችን እያንዳንዷን ብር ቆጠሩ። ጌሙ ውስጥ ግን 400 የነበረው ልብስ ያው 400 ነው። ዋጋው የተነሳው ልጁ በማያይበት በር ነው። በስክሪኑ ላይ «1,000 ብር» ተብሎ ቢጻፍ ኖሮ ስንቱ ጣቱን ይሰበስብ ነበር!

ገንዘብ የሚያትመው ሰው ሕጉንም እንደሚያወጣ ይህ አካባቢ ከማንም በፊት ያውቃል። ጎረቤታችን ሐረር እስከ 1879 ዓ.ም. ድረስ የራሷ አሚሮችና የራሷ ገንዘብ ነበራት፤ መሐለቅ ይባል ነበር። ሩቅ የሚነግድ ሰው ደግሞ የማሪያ ቴሬዛ ብር ይይዝ ነበር፤ ብሩ በየትም ስለሚታወቅ። የመጨረሻው አሚር ዐብዱላሂ አዲስ ገንዘብ አስገብቶ ነዋሪውን እንዳደኸየ የታሪክ ጸሐፊዎች ይጠቅሳሉ። የሐረር ነጋዴ ግን ቢያንስ መሐለቁ በእጁ ነበር፤ ቢከፋው ይለውጠዋል። የኛ አሚር ያለው ሌላ አህጉር ነው፤ ገንዘቡም ከጀጎሉ አይወጣም።

ሳጥን ስለመክፈት አጭር ነገር ልበል። ክሬት፣ ስፒን፣ ፓክ የሚባሉት ውስጥ የምትከፍለው የታወቀ ነው፣ የምታገኘው አይታወቅም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ገረር ያለበትን ሽያጭ መከልከላቸውን፣ መይሲርም በሱረቱል ማኢዳ ከአስካሪ መጠጥ ጎን መጠቀሱን መድረሳ የገባ ሁሉ ያውቃል። የእያንዳንዱን ጌም ብይን ከዓሊሞች ውሰዱ፤ እኔ ፈትዋ አልሰጥም። ግን «ይሄ የሃይማኖተኞች ጭንቀት ነው» የሚል ካለ፣ የቤልጂየም የቁማር ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ2018 የሚከፈልባቸውን እነዚህን ሳጥኖች ቁማር ናቸው ብሏል፤ ኢኤም በ2019 መጀመሪያ ላይ የፊፋ ፖይንት መሸጡን እዚያ አቁሟል። የአሜሪካው የንግድ ኮሚሽን ደግሞ በጃንዋሪ 2025 የጌንሺን ኢምፓክትን ባለቤት በ20 ሚሊዮን ዶላር ሲያስማማ፣ ሳጥኑን በኮይን የሚሸጥ ከሆነ በቀጥታ በገንዘብ የመግዛት አማራጭ እንዲያቀርብ ጠየቀ። ለምን? ኮይን በኮይን ላይ እየተመነዘረ ልጆች ስንት እንዳወጡ ማወቅ ስላቃታቸው። የፎርትናይቱ ኤፒክም በ2022 መጨረሻ ላይ ለተጫዋቾች የሚመለስ 245 ሚሊዮን ዶላር እንዲከፍል ተስማምቷል። ከክሱ ነጥቦች አንዱ ያለፈቃድ ተቆረጠብን ብለው በባንካቸው የተከራከሩ ሰዎችን አካውንት ቆልፏል የሚል ነበር።

እነዚያ አገሮች ኮሚሽን አላቸው። የከዚራ ልጅ 1,000 ብሩ ቢጠፋ ለማን ያመለክታል? ደላላው የቴሌግራም ስሙን ይቀይራል፤ ድርጅቱ ከባሕር ማዶ ነው።

«ታዲያ ፕሌይስቴሽን ቤትም እኮ ብር እንከፍላለን» የሚል ክርክር ሰምቻለሁ፤ ጥሩ ክርክር ነው። ልዩነቱን ግን ተመልከቱት። ፕሌይስቴሽን ቤት ለአንድ ጨዋታ ስንት ብር እንደሆነ ታውቃለህ፣ ትከፍላለህ፣ ትጫወታለህ፣ ትወጣለህ። ባለቤቱ «መጀመሪያ ጠጠር ግዛ፤ ጠጠሩ በ7 በ7 ነው የሚሸጠው፤ ጨዋታው 5 ጠጠር ነው፤ የተረፈው አይመለስም» ቢልህ አቦ ጥለኸው ትወጣለህ። ልብስ ወይም ፓስ ወደህ ዋጋውን በብር አውቀህ ከገዛህ ከፕሌይስቴሽን ቤቱ ብዙም አትለይም፤ ለመዝናናት ከፈልክ፣ ተዝናናህ። እኔ የምቃወመው ማጠራቀሙን ነው። ቅናሽ መጣ ተብሎ 660 ገዝቶ «ያስፈልገኛል» ብሎ ማስቀመጥ፣ ለዒድ ከዘመድ የተሰጠን ብር ወደዚያ ማዞር፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ የእናትን ስልክ ተበድሮ በእሷ ቴሌብር መሙላት። ፒኑን የነገረችህ ለመብራት ክፍያ ነበር። አማና ነው።

ከደላሎቹ ጋር አንድ የምለው አለ። በ2006 ዓ.ም. የወጣው የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ነጋዴ ዋጋውን እንዲለጥፍ ያዛል፤ የከዚራ ሱቆችም ይለጥፋሉ። እናንተም የምትለጥፉት ዝርዝር «660 ዩሲ ይሄን ያህል» ብቻ አይሁን። ልጁ የሚፈልገውን ዕቃ ጠይቁት፤ ፓሱ በብር ስንት እንደሚመጣ፣ ስንት ዩሲ ተርፎ እንደሚቀር ከክፍያው በፊት ጻፉለት። ሁለት መስመር ነው። ደንበኛ ይቀንስብናል ካላችሁ፣ የሚቀንሰው ዋጋውን ሲያውቅ የማይገዛው ነው።

ቀድሞ 45 ዩሲ የተረፈህ ወንድሜ፣ እሱን ለመሙላት 60 አትግዛ። እዚያው ይቀመጥ።