ታካሺ ሺሙራ ተበድሏል ወይ?

የአኪራ ኩሮሳዋ ፊልም ሲነሳ አብሮ የሚነሳው ስም የቶሺሮ ሚፉኔ ነው። ሚፉኔ ግን ከዳይሬክተሩ 30 ፊልሞች የሠራው በ16ቱ ብቻ ነው። በ21ዱ ላይ የምናገኘው ታካሺ ሺሙራን ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1943 ከወጣው የኩሮሳዋ የመጀመሪያ ፊልም ከ«ሳንሺሮ ሱጋታ» ጀምሮ እስከ 1980ው «ካገሙሻ» ድረስ። አብዛኛውን ጊዜ ግን የቆመው ከዳር ነው፤ ሐኪም፣ ፖሊስ፣ ነጋዴ ሆኖ። ታዲያ ይህ ሰው ተበድሏል? ወይስ ያ የዳር ቦታ የራሱ የክብር ቦታ ነበር?

ተበድሏል የሚሉት ወገኖች ጠንካራ ማስረጃ አላቸው። መጀመሪያ የሚጠቅሱት የ1948ቱን «ሰካራሙ መልአክ» ነው። መልአክ የተባለው ሺሙራ የተጫወተው ዶክተር ሳናዳ ነው። ሳናዳ በቆሸሸ ኩሬ ዳር በድሆች ሰፈር የሚያክም፣ መጠጥ የሚወድ፣ ቁጡ ግን ደግ ሐኪም ነው። ሆኖም ሳንባው የታመመውን ወጣት ወንበዴ የተጫወተው ሚፉኔ ፊልሙን ወሰደበት፤ ኩሮሳዋም የወጣቱን ኃይል መግታት እንዳልቻለ በሕይወት ታሪኩ ጽፏል።

ሁለተኛው ማስረጃ የበለጠ ያማል። በ1955 ኩሮሳዋ ስለ ኑክሌር ቦምብ ፍርሃት ፊልም ሠራ። ዋናው ሰው ቤተሰቡን ይዞ ወደ ብራዚል ለመሸሽ የሚፈልግ ሽማግሌ የፋብሪካ ባለቤት ነው። ሺሙራ ያኔ 50 ዓመቱ ነበር፤ ከሦስት ዓመት በፊትም በ«ኢኪሩ» ሞቱን የሚጠባበቅ አዛውንት ሆኖ ዓለምን አስደምሟል። ሽማግሌውን እንዲሆን የተመረጠው ግን ገና 35 ዓመቱ የነበረው ሚፉኔ ነው፤ በሜካፕ አስረጅተውት። ሺሙራ የቤተሰቡን ክርክር የሚያደራድር የጥርስ ሐኪም ሆነ። ከዚያ በኋላ በኩሮሳዋ ፊልሞች ውስጥ ድርሻው እያነሰ ሄደ። ቶሆ ስቱዲዮም ከ1954ቱ «ጎድዚላ» ወዲህ አውሬና የጠፈር ወራሪ በመጣ ቁጥር ሳይንቲስት ወይም ሐኪም አድርጎ ደጋግሞ አሰለፈው።

አልተበደለም የሚሉትም ባዶ እጃቸውን አልመጡም። እስቲ 1954ን ብቻ እንይ። በሚያዝያ «ሰባቱ ሳሙራይ»፣ በኅዳር «ጎድዚላ» ወጡ። በመጀመሪያው የሳሙራዮቹ መሪ ካምቤ ነው። የታፈነ ሕፃን ለማዳን መነኩሴ መስሎ መግባት አለበትና፣ የሳሙራይ ክብር የሆነውን የራስ ቁንጮውን ወንዝ ዳር ቁጭ ብሎ ያስላጫል። ከዚያ በኋላ ነገር በከበደው ቁጥር እጁን ወደ ተላጨው ራሱ ይሰድና ያሻሻል። ቃል የለውም፤ ያቺ እጅ ግን የሰውየውን ትሕትና፣ ድካምና ብልሃት ትናገራለች። በ«ጎድዚላ» ደግሞ ዶክተር ያማኔ ሆኖ፣ ሁሉም ይገደል ሲል፣ አውሬው ይጠና እያለ ብቻውን ያዝናል። በዚያው ዓመት መጋቢት ጃፓናውያን ዓሣ አጥማጆች በአሜሪካ የሃይድሮጂን ቦምብ ሙከራ ጨረር ተመተው ነበርና፣ ለተመልካቹ ይህ ሐዘን ተረት አልነበረም። ፊልሙ የሕፃናት ጨዋታ ሆኖ እንዳይቀር ካደረጉት ነገሮች አንዱ የሺሙራ ፊት ነው።

ዋናው ክርክር ግን «ኢኪሩ» ላይ ነው። ዋታናቤ ለ30 ዓመታት ወረቀት ላይ ማኅተም ሲመታ የኖረ የማዘጋጃ ቤት ክፍል ኃላፊ ነው። የሆድ ካንሰር እንዳለበት ሲያውቅ፣ የሰፈር እናቶች የለመኑትን የልጆች መጫወቻ ቦታ ለመሥራት ይነሳል። አንዳንዶች ትወናው ተጋኗል ይላሉ፦ የጎበጠ ጀርባ፣ የፈጠጡ ዓይኖች፣ ከጉሮሮ የማይወጣ ድምፅ። ነቀፋው መሠረት የለውም አልልም፤ በፊልሙ አጋማሽ ላይ ፊቱ ለመመልከት የሚከብድበት ጊዜ አለ። ነገር ግን ዋታናቤ ይሞትና የቀረው የፊልሙ ሲሶ የሚያልፈው ባልደረቦቹ በለቅሶው ቤት ሲከራከሩ ነው። በረዶ እየጣለ በዥዋዥዌው ላይ ተቀምጦ ሲያንጎራጉር የምናየው በሌሎች ትዝታ ነው። እዚያ ጋ ፊቱ ጸጥ ብሏል፤ ቀድሞ የበዛው ሁሉ ለዚህ ጸጥታ የተከፈለ ዋጋ ነበር ማለት ነው። ሺሙራ በወጣትነቱ በኦሳካ የማዘጋጃ ቤት የውኃ መሥሪያ ቤት ተቀጥሮ ሠርቷል፤ ቢሮ ውስጥ የታጠፈ ትከሻ ምን እንደሚመስል ከቅርብ አይቷል።

ሁለቱንም ወገን ሳመዛዝን፣ በ1955ቱ ሚና ላይ ተበድሏል ባዮች ልክ ናቸው፤ ያ ሽማግሌ የሺሙራ ነበር። ስለ ጠቅላላው ዘመኑ ግን አልስማማም። ካምቤና ዋታናቤ የተገኙት ዓመታት ሙሉ ከዳር ቆሞ ሌላውን ማዳመጥ ከተማረ ሰው ነው። ሁልጊዜ መሐል የሚቆም ተዋናይ እጁን ራሱ ላይ አሳርፎ ዝም ማለትን ከየት ይማረዋል?

እኔ በደል የምለው ሌላ ነው። በ«ካገሙሻ» ሺሙራ በ75 ዓመቱ ለመጨረሻ ጊዜ ለኩሮሳዋ ተውኗል። ፊልሙ ለውጭ አገር ተመልካች ሲያጥር ግን የእሱ ትዕይንት ተቆርጦ ወጣ። ከሁለት ዓመት በኋላ በየካቲት 1982 አረፈ። ስለዚህ አንባቢ ሆይ፣ «ካገሙሻ»ን የምታይ ከሆነ ሙሉውን፣ የሦስት ሰዓቱን ቅጂ ፈልግ። ሽማግሌው እዚያ አለ።