አበባው ያማረ፣ ሥራው የከፋ እንግዳ

አትክልት ተራ በአዲስ አበባ የታወቀ ሰፈር ነው። ለብዙ ዘመን ሽንኩርትና ቲማቲም፣ ድንችና ጎመን ሲራገፍበት ኖሯል። ጭነቱ ከቆቃና ከመቂ ይመጣ ነበር፤ ከጣና ዳርም፣ ከፎገራ ይመጣ ነበር።

አንዲት እናት እዚያ ቲማቲም ሊገዙ ሄዱ እንበል። ቲማቲሙ ፀሐይ እንዳይመታው እርጥብ ቅጠል ለብሷል። በቅጠሉ መካከል ወይን ጠጅ መልክ ያለው አበባ ብቅ ብሏል።

«ልጄ፣ ይህ አበባ እንዴት ያምራል! አንድ እግሩን ስጠኝማ፤ ውሃ ላይ ላስቀምጠው» አሉ።

ሻጩ ደነገጠ። «እማማ፣ ይቅርብዎ! እኔ የጣና ዳር ልጅ ነኝ። ይህ እኮ እምቦጭ ነው። የአባቴን መረብ ከባሕሩ ያስወጣው እሱ ነው» አላቸው።

«ኧረ ልጄ! አንድ ቅጠል ደግሞ ምን ያደርጋል?»

ውድ አንባቢ፣ ጥያቄያቸው ጥሩ ጥያቄ ነው። አንድ እምቦጭ ምን ያደርጋል? አብረን እንመልከት።

እምቦጭ የውሃ አረም ነው። የአገራችን ተክል አይደለም። የመጣው ከሩቅ፣ ከደቡብ አሜሪካ ነው። ሰዎች የአበባውን ማማር እያዩ ከአገር ወደ አገር ይዘውት ዞሩ። በኢትዮጵያ መጀመሪያ የታየው በ1957 ዓ.ም. ገደማ፣ በቆቃ ሐይቅና በአዋሽ ወንዝ ነው። ጣና ላይ መኖሩ የታወቀው በ2004 ዓ.ም. ገደማ ነው።

ይህ እንግዳ 3 ብልሃቶች አሉት።

አንደኛው መንሳፈፍ ነው። የቅጠሉ እጀታ እንደ ፊኛ አየር ይይዛል። ስለዚህ አይሰምጥም። ሥሩ አፈር ሳይነካ ምግቡን ከውሃው ይስባል። ንፋስ ወደ ነዳው ይሄዳል።

ሁለተኛው መራባት ነው። ከጎኑ ቀጭን ክንድ ይዘረጋል። በክንዱ ጫፍ ሌላ እምቦጭ ይወጣል። ሲመቸው በ2 ሳምንት እጥፍ ይሆናል። እስቲ እንቁጠር። ዛሬ 1 ነው። በ2 ሳምንት 2፣ በ4 ሳምንት 4፣ በ6 ሳምንት 8፣ በ8 ሳምንት 16 ይሆናል። እንዲህ እያለ በ20 ሳምንት ከ1,000 ያልፋል!

ሦስተኛው መታገሥ ነው። ዘሩ ወደ ጭቃው ይወርዳል። እዚያም ሳይሞት ከ15 ዓመት በላይ ሊቆይ ይችላል። ውሃው ሲሸሽና ፀሐይ ሲያገኘው ይበቅላል።

ታዲያ ጉዳቱ ምንድን ነው? እምቦጭ ውሃውን እንደ ምንጣፍ ይሸፍነዋል። ብርሃን ወደ ውስጥ አይገባም። ዓሣ የሚተነፍሰው አየር ያንሳል። ታንኳ መንገድ ያጣል፤ መረብ ይያዛል። ቅጠሉም ውሃውን እየሳበ በአየር ይበትናል። ቢልሃርዚያን ለሚያስተላልፈው ቀንድ አውጣም መጠለያ ይሆናል። በደንቢያ፣ በጎንደር ዙሪያ፣ በሊቦ ከምከምና በፎገራ የባሕሩ ዳርቻ ሰው ይህን ሁሉ በዓይኑ አይቷል። ግጦሹና የሽሽት እርሻው ተወሮበታል።

ገበሬው ዝም አላለም። ወገቡ ድረስ ውሃ ውስጥ ገብቶ በእጁ ነቅሏል። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. ትልቅ ዘመቻ ተደርጎ ብዙ አረም ወጥቷል። ነገር ግን እምቦጭ ተመልሶ በቀለ። ለምን? ቁራጩ በውሃው ላይ፣ ዘሩም በጭቃው ውስጥ ስለቀረ ነው። እምቦጭን ቆርጦ ውሃ ላይ መተው እንደ መዝራት ነው።

በቪክቶሪያ ሐይቅ ደግሞ ሌላ ዘዴ ተሞክሯል። እምቦጭን የሚበላ ትንሽ ነቀዝ አምጥተው ለቀቁበት። አረሙ በብዙ ቀነሰ። ይህ ግን የባለሙያ ሥራ ነው። ትዕግሥትና ጥንቃቄ ይፈልጋል።

የእኛስ ድርሻ ምንድን ነው?

እምቦጭን ሳያብብ፣ ዘር ሳይጥል እንንቀል። ከነሥሩ እናውጣው። ከውሃው ርቆ፣ ጎርፍ በማይደርስበት ደረቅ ቦታ እንከምረው። ሲደርቅ እናቃጥለው። ውሃ ውስጥ ስንገባ ቦቲ ጫማና ጓንት ካለን እናድርግ። ታንኳችንን፣ መረባችንንና ጆንያችንን ወደ ሌላ ውሃ ከመውሰዳችን በፊት እናራግፍ። ለጭነት ልባስ፣ ለደጅ ጌጥ ብለን አንውሰደው።

ደጋ ያለው ገበሬም ድርሻ አለው። ጎርፍ አፈርና ማዳበሪያ ጠርጎ ወደ ሐይቁ ሲያወርድ እምቦጭ በእሱ ይፋፋል። እርከን የሠራ ሰው የራሱን አፈር ያድናል፤ ባሕሩንም ይጠብቃል።

ወደ ገበያው እንመለስ። እናትዬዋ ይህን ሁሉ ሰምተው አበባውን መልሰው ሰጡት።

«አሁን ገባኝ፤ ምን ታደርገዋለህ ታዲያ?» አሉት።

«ወደ ቦዩ አልጥለውም፣ እማማ። ቦዩ ወደ ወንዝ ይወርዳል። ፀሐይ ላይ አድርቄ አቃጥለዋለሁ» አላቸው።

ቲማቲማቸውን ገዝተው ሄዱ። አበባውን ግን አልወሰዱም።

እስቲ እንወያይ፦

1. የእምቦጭ 3 ብልሃቶች ምን ምን ናቸው?

2. እምቦጭን ቆርጦ ውሃ ላይ መተው ለምን እንደ መዝራት ሆነ?

3. በቀበሌያችን ባለው ወንዝ ወይም ኩሬ ላይ እምቦጭ ብናይ ለማን እንናገራለን? ማንስ ቀድሞ ይነቅላል?