ጠባሳ ሁሉ ቅጣት አይደለም

 

ከሪያድ፣ ከሹመይሲ ሰፈር አንዲት እኅታችን ጥያቄ ልካልኛለች። የአሠሪዎቿን ልጆች ይዛ በከተማው ወዳለው ብሔራዊ ሙዚየም ሄዳ ሳለ፣ አንድ ጥቁር፣ ግዙፍ የብረት ቋጥኝ አየች። በአጠገቧ የነበረች ሴት «እግዚአብሔር በኃጢአቷ ካቃጠላት ከተማ የመጣ ነው» አለቻት። እኅታችን ከዚያ ቀን ጀምሮ እንቅልፍ አጣች። ከአገር ስትወጣ እናቷ «ልጄ፣ አትሂጂ» ብለዋት ነበር፤ እርሷ ግን ሄደች። በሁለተኛው ዓመት እናቷ ዐረፉ፤ ለቀብራቸውም አልደረሰች። «አባቴ፣ በእኔም ላይ የወረደው እንዲህ ያለ እሳት ይሆን?» ትላለች።

ይህ ጥያቄ የብዙዎቻችሁ እንደ ሆነ ስለማውቅ በዚህ ዓምድ ልመልሰው ወደድሁ። አስቀድመን ግን የብረቱን ታሪክ እንመልከት።

ከሪያድ በስተ ደቡብ ምሥራቅ 500 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ ሩብ አል ኻሊ በሚባለው ታላቅ የአሸዋ ምድረ በዳ ውስጥ፣ አል ሐዲዳ የሚሉት ስፍራ አለ። ሐዲድ በዐረብኛ ብረት ማለት ነው፤ እኛም «የባቡር ሐዲድ» ስንል የምናውቀው ቃል ነው። የበረሃው ሰዎች በዚያ ዉባር የምትባል ባለጸጋ ከተማ እንደ ነበረች፣ ስለ ንጉሧ ክፋት ከሰማይ እሳት ወርዶ እንዳጠፋት፣ በስፍራውም ግመል የሚያህል ብረት እንዳለ ሲተርኩ ኖረዋል።

በ1924 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1932) ሴንት ጆን ፊልቢ የተባለ እንግሊዛዊ ተጓዥ ያችን ከተማ ፍለጋ በግመል ተጉዞ ደረሰ። ነገር ግን ግንብ የለም፣ በር የለም፣ የቤት ፍርስራሽ የለም። ያገኘው ጠርዛቸው ከፍ ከፍ ያለ ክብ ጉድጓዶችን ነው። በመጀመሪያ የእሳተ ገሞራ አፍ መሰለው። አብረውት የሄዱት ሰዎች ደግሞ በአሸዋው ላይ የተበተኑትን ጥቁር የሚያብረቀርቁ ጠጠሮች «በእሳቱ የተቃጠለ የቤተ መንግሥቱ ሴቶች ሉል ነው» እያሉ ይለቅሙ ነበር።

ይዞት የተመለሰው ቁራጭ ብረት በለንደን ሲመረመር፣ ኒኬል የተቀላቀለበት፣ ከጠፈር የወደቀ ብረት ሆኖ ተገኘ። ሉል የተባለውም በምቱ ግለት የቀለጠ አሸዋ ነው፤ ላዩ ጥቁር ብርጭቆ፣ ውስጡ ነጭ። በኋላ ተመራማሪዎች ሲለኩት ትልቁ ጉድጓድ 116 ሜትር፣ ሁለተኛው 64 ሜትር፣ ትንሹ 11 ሜትር ያህል ስፋት አለው። እኅታችን ያየችው ብረት ክብደቱ ከ2 ሺህ ኪሎ በላይ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ከዚያ በረሃ ወደ ሪያድ የመጣ ነው።

አንድ ነገር ልብ በሉ። ብረቱ ከወደቀ ገና ጥቂት መቶ ዓመታት ቢሆነው ነው። የዉባር ወሬ ግን ከዚያ አስቀድሞ በዐረብ ሊቃውንት መጻሕፍት ተጽፎ ነበር። ስለዚህ ወሬው ከጉድጓዱ ይቀድማል። ሰዎች ጉድጓዱን ባዩ ጊዜ የሚያውቁትን ኃጢአት አምጥተው ጨመሩበት እንጂ፣ በዚያ የተቃጠለ ከተማ አልነበረም።

አሁን ደግሞ ማታ ልብስ ለማውረድ ጣሪያ ላይ ስትወጡ ጨረቃን ተመልከቱ። እኛ በአብነት ትምህርት ቤት ባሕረ ሐሳብ ስንማር ጨረቃን በሌሊቷና በአበቅቴዋ እንቆጥራታለን እንጂ ፊቷን አንመረምርም ነበር። በትልቅ መነጽር ለሚያያት ግን ፊቷ በእንዲህ ያለ ጉድጓድ ተሞልቷል። በገበታ ላይ ባለ ዱቄት አንዲት ሽምብራ ብትጥሉ መካከሉ ይጎደጉዳል፣ ዙሪያው ከፍ ይላል፣ ዱቄቱም ወደ ውጭ ይረጫል። የጨረቃም እንዲሁ ነው፤ ልዩነቱ የሚወድቀው ድንጋይ እጅግ ስለሚፈጥን እንደ ፈንጂ መፈንዳቱና ከራሱ ብዙ እጥፍ የሚሰፋ ጉድጓድ መቆፈሩ ነው። ሙሉ ጨረቃ ስትሆን በደቡብ ጫፏ በኩል ደማቅ ሆና የምትታየው ቲኮ የምትባለው ጉድጓድ 85 ኪሎ ሜትር ያህል ትሰፋለች፤ ዙሪያዋን እንደ ጨረር የተዘረጋው ነጭ መስመርም ከዚያ ምት የተረጨ ነው። የጨረቃን ጉድጓዶች ሲያጠና የኖረው አሜሪካዊው ዩጂን ሹሜከር እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ዉባር ድረስ የመጣው ነገሩ አንድ ዓይነት ስለ ሆነ ነው።

እንግዲህ ፍረዱ። በጨረቃ ላይ ከተማ የለም፣ ክፉ ንጉሥ የለም፣ እናቷን ትታ የሄደች ልጅ የለችም። ጠባሳዋ ግን ከምድር ይበዛል። ታዲያ ጠባሳ ባየን ቁጥር ስለ ምን «የማን ኃጢአት ነው?» እንላለን? በሰሊሆም ግንብ ወድቆ 18 ሰዎች በሞቱ ጊዜ፣ ጌታችን እነዚያ ከሌላው ሰው ይልቅ ኃጢአተኞች እንዳልነበሩ ተናግሯል (ሉቃ. 13)። በዚያው ቃሉ ንስሐ ለሁላችን እንደሚያስፈልገን አስተምሮናል፤ ንስሐ ግን የደረሰብንን መከራ ሁሉ «ቅጣቴ ነው» ማለት አይደለም።

እኅቴ ሆይ፣ እናትሽ ያረፉት አንቺ ስለ ሄድሽ አይደለም። «አትሂጂ» ያሉሽ ስለሚወዱሽ ነው፤ አንቺም የሄድሽው ስለምትወጃቸው ነው። ቃላቸውን አለመስማትሽ ከከበደሽ ለነፍስ አባትሽ ተናገሪ፤ የክርስትና ስማቸውንም ወደ አጥቢያቸው ልከሽ ጸሎት አስደርጊላቸው።

ሌሎቻችሁም ስሙኝ። አሠሪ ቢመታሽ፣ ደመወዝሽን ቢከለክልሽ፣ ይህ የሰው በደል ነው። «እግዚአብሔር ቀጣኝ» ብለሽ ዝም አትበይ፤ ለምታምኚው ሰው ንገሪ፣ እርዳታም ፈልጊ።

በዉባር ነፋሱ አሸዋ እያመጣ ጉድጓዶቹን ሲሞላቸው ኖሯል። በጨረቃ ላይ ግን ነፋስም ዝናብም ስለሌለ ጠባሳው ለብዙ ሚሊዮን ዓመታት እንዳለ ይኖራል። ሐዘናችሁን ለብቻችሁ ዘግታችሁ አትያዙት፤ እርስ በርሳችሁ ተጽናኑ።

እግዚአብሔር የእናትሽን ነፍስ ይማር፤ አንቺንም ያጽናሽ።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።