ጅራታም ኮከብ በቀጠሮው ይመጣል



«ጅራታም ኮከብ ከታየ ጦርነት ይመጣል፤ ንጉሥ ይሞታል፤ ከብት ያልቃል።» ብዙዎቻችን ይህን ስንሰማ አድገናል። ታዲያ እውነት ነው? እስቲ እንመርምር።

በ1902 ዓ.ም. በሚያዝያና በግንቦት ትልቅ ጅራታም ኮከብ በሰማይ ታየ። ያን ጊዜ አጼ ምኒልክ በጽኑ ታመው ነበር። የእንግሊዝ ንጉሥ ኤድዋርድ 7ኛም በዚያው ሚያዝያ ሞተ። ነገሩን በኮከቡ ማሳበብ ቀላል ነበር። ፈረንጆችም ፈርተው ነበር። የኮከቡ ጅራት መርዝ አለው ተብሎ ተወራ። አታላዮች «ከኮከቡ የሚያድን» እያሉ ክኒን ሸጡላቸው። መሬት ግን ምንም አልሆነችም።

ኮከቡ የመጣው ለንጉሥ ሕመም አልነበረም። ምኒልክ ከመወለዳቸው በፊት የሚመላለስበት ዘመን ታውቆ ነበር።

ይህን ያወቀው ኤድመንድ ሃሌ የሚባል የእንግሊዝ ሊቅ ነው። በ1675 ዓ.ም. ገደማ አንድ ጅራታም ኮከብ አየ። በኋላም የድሮ ጽሑፎችን አገላበጠ። በ1523 እና በ1600 ዓ.ም. የታዩት ኮከቦች መንገዳቸው ከዚህኛው ጋር አንድ ሆኖ አገኘው። እናንተም ደብተራችሁን አውጡና አስሉ። ከ1523 እስከ 1600 ስንት ዓመት ነው? 77። ከ1600 እስከ 1675ስ? 75። ስለዚህ የሚመላለሰው አንድ ኮከብ ነው፤ በ1751 ገደማም ይመለሳል ብሎ ደመደመ። ሃሌ ቀኑ ሳይደርስ ሞተ።

ሲመለስ ቀድሞ ያየው ማን መሰላችሁ? ገበሬ ነው! ዮሐን ፓሊች በጀርመን አገር፣ በድሬስደን ከተማ አጠገብ የሚኖር ገበሬ ነበር። የሰማይን ትምህርት የተማረው ራሱን በራሱ ነው። በታኅሣሥ 1751 ዓ.ም. አንድ ሌሊት ሰማዩን በመነጽር ሲመለከት ኮከቡን አገኘው።

ጅራታም ኮከብ በስሙ እንጂ በእውነቱ ኮከብ አይደለም። የበረዶና የአቧራ ክምር ነው። የሃሌ ኮከብ ርዝመቱ 15 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ወደ ፀሐይ ሲቀርብ በረዶው ይተናል። እንፋሎቱና አቧራው ከፀሐይ በተቃራኒ ይዘረጋል። ጅራት የምንለው ይህንን ነው።

መንገዱስ? የቢሾፍቱን ሐይቅ ከአፋፉ ሆናችሁ ስታዩት ክብ ይመስላል። መሬትም ፀሐይን የምትዞረው እንዲህ ክብ በሚመስል መንገድ ነው። የሃሌ ኮከብ መንገድ ግን በጣም የተለጠጠ ሞላላ ነው። ፀሐይ አጠገብ ያልፍና ከ5 ቢሊዮን ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል። ወደ ላይ የተወረወረ ድንጋይ ከፍ ሲል ፍጥነቱ እንደሚቀንስ፣ እሱም ሲርቅ ያዘግማል። ከዚያ የፀሐይ ስበት ይመልሰዋል። ጁፒተር የምትባለው ትልቅ ፕላኔትም ስለምትስበው ጊዜው አንዳንዴ ይረዝማል፣ አንዳንዴ ያጥራል።

በ1978 ዓ.ም. ተመልሶ መጣ። በመጋቢት ወር ጆቶ የተባለች መንኮራኩር በ600 ኪሎ ሜትር ርቀት አጠገቡ አልፋ ፎቶግራፍ አነሳችው። በኅዳር 2016 ዓ.ም. ከፀሐይ እጅግ ከራቀበት ቦታ ደርሶ መመለስ ጀመረ። በሐምሌ 2053 ዓ.ም. ፀሐይ አጠገብ ይደርሳል። የክረምት ደመና ካልጋረደው ዛሬ ያዘላችኋቸው ልጆች ያዩታል።

ከብት የሚያልቀው በበሽታ ነው። ከ1880 ዓ.ም. በኋላ በክፉ ቀን የገበሬውን በሬ የጨረሰው የደስታ በሽታ ነበር። ያን በሽታ ክትባት ከዓለም አጠፋው፤ መጥፋቱም በ2003 ዓ.ም. ታወጀ። ስለዚህ በሰማይ ጅራታም ኮከብ ብታዩ ፍየላችሁን ለጠንቋይ አትገብሩ። ከብት ሲታመም ወደ እንስሳት ሐኪም ውሰዱ።

ኮከቡ የሚበትነው አቧራ በመንገዱ ላይ ይቀራል። መሬት በየዓመቱ በዚያ ስታልፍ አቧራው በሰማይ እየነደደ ተወርዋሪ ኮከብ ይሆናል። በጥቅምት 11 አካባቢ፣ ከሌሊቱ 10 ሰዓት ላይ፣ መብራት ከሌለበት ሜዳ ወጥታችሁ ተመልከቱ።

ጥያቄ፦
1. ጅራታም ኮከብ ከምን የተሠራ ነው?
2. ከ1978 እስከ 2053 ስንት ዓመት ነው?
3. ያን ጊዜ የልጅዎ ዕድሜ ስንት ይሆናል? አስልተው ይጻፉ።