ዱላ ያርቃል፥ ቍራሽ ያቀርባል

ጓሳ በመንዝ ምድር የሚገኝ ደጋ ነው። ከባሕር ወለል በላይ ከ3200 ሜትር ይበልጣል፤ ብርዱም ብርቱ ነው። በረዥሙ ሣር መካከል ጭላዳና ቀይ ቀበሮ ይኖራሉ። ቀይ ቀበሮ ከኢትዮጵያ በቀር በሌላ አገር አይገኝም፤ ለአካለ መጠን የደረሱት ቢቈጠሩ 500 አይሞሉም።

በጓሳ ዙሪያ የሚኖር ገበሬ በግ ያረባል፤ በጉን የሚጠብቅለት ውሻም አለው። ውሻ መልካም አገልጋይ ነው። ነገር ግን ከጌታው ርቆ እንደ ልቡ ሲሮጥ ጉዳት ያመጣል። አይጥ የሚያድነውን ቀበሮ ያባርረዋል፤ ከዚህም የሚከፋው በሽታ ያስተላልፍበታል። በ1996 ዓ.ም. በባሌ ተራሮች የእብድ ውሻ በሽታ ከውሾች ተላልፎ ብዙ ቀይ ቀበሮዎችን ፈጀ። ስለዚህ በጓሳ የሚያልፍ ሰው ሁሉ ውሻው ከጎኑ ሳይለይ እንዲሄድ ማስተማር ይገባዋል።

ታዲያ እንዴት ያስተምረው? ብዙ ሰዎች «ውሻ ያለ ዱላ አይማርም» ይላሉ። እኔ ግን ይህ አሳብ ስሕተት ነው እላለሁ። እኛ የምንሻው ውሻው ወደ እኛ እንዲቀርብ ነው፤ ዱላ የሚያገኘው ግን የቀረበውን ነው። ውሻው ርቆ ሮጦ ሲመለስ ቢመታ፥ ስለ ሩጫው እንደ ተመታ አያውቅም፤ ስለ መመለሱ የተመታ ይመስለዋል። በሌላ ቀን ሲጠሩት ዱላ ከማይደርስበት ስፍራ ቆሞ ያያል። ጌታው «እንቢተኛ ነው» ብሎ ይቈጣዋል፤ እንቢታን ያስተማረው ግን ራሱ ጌታው ነው።

የሚሻለው መንገድ ይህ ነው። ውሻው ምግቡን ሳይበላ፥ የገብስ ቂጣ በባቄላ ፍሬ መጠን ቈራርሰህ ያዝ። በጎች በሌሉበት በደጅህ ጀምር፤ ገመዱንም አላላው። «ከጎኔ» በለውና አንድ እርምጃ ሂድ። አብሮህ ከተራመደ፥ ከጉልበትህ አጠገብ ሳለ ወዲያው ቍራሹን ስጠው። ዋጋው ከዘገየ ስለ ምን እንደ ተሰጠው አያውቅም። ቀድሞህ ቢሮጥ አትጐትተው፥ አትጩኽበትም፤ ዝም ብለህ ቁም። ወደ አንተ ሲመለስና ገመዱ ሲላላ እንደ ገና ሂድ። ዛሬ ሁለት እርምጃ፥ ነገ ዐምስት፥ በሳምንቱ ዐሥር ይሁን፤ ውሻውም ሳይሰለች ትምህርቱን አቁም። በደጅ ከለመደ በኋላ በመንገድ፥ ከዚያም በጎች ባሉበት አስተምረው። ልማዱ ሲጸና ቍራሹን ቀንስ፤ ምስጋናውን ግን አታስቀርበት። «ቀስ በቀስ ዕንቍላል በእግሩ ይሄዳል» ተብሏልና።

«በቍራሽ የተማረ ውሻ ቍራሽ በሌለ ጊዜ አይታዘዝም» የሚል ሰው ይኖር ይሆናል። በዱላ የተማረውስ ዱላ በሌለ ጊዜ ይታዘዛልን? ቍራሽ የለመደው ቢያንስ የጌታውን ጎን ይወዳል፤ ዱላ የለመደው ግን ይሸሸዋል።

ይህ ትምህርት ብቻውን አይበቃም። ውሻን በየጊዜው ማስከተብ ያስፈልጋል። ደግሞም የማታውቀውን ውሻ አትቅረብ። ውሻ ቢነክስህ ቍስሉን ወዲያው በውሃና በሳሙና 15 ደቂቃ ያህል እጠብ፤ ከዚያም ሳትውል ሳታድር ወደ ሐኪም ቤት ሂድ።

የመንዝ አባቶች የጓሳን ሣር ለማጨድ አልቸኰሉም። ለብዙ ዓመት ዘግተው የሚጠብቁበት ጊዜ ነበር፤ በዚህም ትዕግሥት ሣሩ ለልጅ ልጅ ደረሰ። ልጆች ሆይ፥ አባቶቻችን ለሣር ይህን ያህል ከታገሡ፥ እኛ ለታማኙ ውሻችን ጥቂት ሳምንታት መታገሥ ያቅተናልን? በፍርሃት የሚከተል እስኪያመልጥ ድረስ ብቻ ይከተላል፤ በፍቅር የሚከተል ግን ገመዱ ቢፈታም ከጎን አይለይም።