ሳናውቃት ያጨበጨብንላት ሴት

እስኪ እንተማመን፤ ፊልም ሲያልቅ ምን እናደርጋለን? ስሞቹ መውጣት ሲጀምሩ ጃኬታችንን አንስተን እብስ! ውጭ ስንወጣም ወሬያችን ሁሉ ስለ አክተሩና ስለ ዳይሬክተሩ ነው። እኛ ራሳችን ጋዜጠኝነት ተምረን፣ ስለ ፊልም እንጽፋለን እያልን፣ የፍራንሷዝ ቦኖን ስም ያወቅነው በጣም ዘግይተን ነው።

ፍራንሷዝ ፈረንሳዊት የፊልም ኤዲተር ነበረች። እናቷ ሞኒክም ኤዲተር ስለነበረች ሙያው የቤት ነው ማለት ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1969 የወጣውን የኮስታ ጋቭራስን «ዜድ» ኤዲት ያደረገችው እሷ ናት። የፊልሙ መነሻ በ1963 ግሪክ ውስጥ የተገደለው የፓርላማ አባል ግሪጎሪስ ላምብራኪስ ነው። መጨረሻው አካባቢ መኮንኖቹ መርማሪው ዳኛ ፊት አንድ በአንድ ይቀርባሉ፤ ክሳቸው ይነገራቸዋል፤ በንዴት ሲወጡ ደግሞ ከተቆለፈ በር ጋር ይታገላሉ። አንዱ ብቻ ቢሆን ተራ ነገር ነበር። እየተከታተለ ሲመጣ ግን እንስቃለን፤ የፈራናቸው ሰዎች ዓይናችን እያየ ያንሳሉ። ይህ ሳቅ ከትወናው ብቻ አይመጣም፤ የቱ ጋ ተቆርጦ ከምን ጋር እንደተቀጠለም ወሳኝ ነው። በ1970 ለዚህ ሥራዋ ኦስካር ስትሸለም ገና 30 ዓመቷ ነበር።

በዚያው በ1969 የዣን ፒየር ሜልቪልን «የጥላዎች ሠራዊት»ንም ኤዲት አድርጋለች። ናዚዎች ፈረንሳይን በያዙበት ዘመን በስውር ስለታገሉ ሰዎች ነው። «ዜድ» ሲሮጥ፣ ይሄኛው ዝም ብሎ ይጠብቃል፤ ፍርሃቱ የሚመጣው ቶሎ ባለመቆረጡ ነው። ሁለቱን አከታትሎ ያየ ሰው የአንድ እጅ ሥራ ናቸው ብሎ አይጠረጥርም።

«የመጨረሻው ቃል የዳይሬክተሩ አይደል?» ትሉን ይሆናል። ነው። ግን ኮስታ ጋቭራስ በ1982 «ሚሲንግ»ን ሲሠራም ከእሷ ጋር ነበር፤ በዚያም የብሪታንያውን ባፍታ ሽልማት ወስዳለች። በ2002ም «ፍሪዳ»ን ኤዲት አድርጋለች። በተለያየ አገር ያሉ ዳይሬክተሮች ይህን ሁሉ ዓመት የፈለጓት መቀስ ስለያዘች ብቻ አይመስለንም።

በፊልም የመጀመሪያ ዘመናት ቆርጦ መቀጠል እንደ ልብስ ስፌት የእጅ ሥራ ተደርጎ ይታይ ስለነበር ብዙ ሴቶች ይሠሩት ነበር። ጭንቅላት የማይጠይቅ ይመስል! የማንን ፊት መቼ እንደምናይ፣ ማን ላይ እንደምንስቅ የሚወስን ሥራ እኮ ነው።

«ጥሩ ኤዲቲንግ አይታይም» ይባላል። እውነት ነው። ግን ሥራው አለመታየቱ ሌላ፣ ሠሪዋ አለመታወቋ ሌላ። አንደኛው የእሷ ችሎታ ነው፤ ሁለተኛው የእኛ የጸሐፊዎቹ ስንፍና።

ፍራንሷዝ በ2018 አረፈች። እኛም ከእንግዲህ ስለ ፊልም ስንጽፍ ከዳይሬክተሩ ስም ጎን የኤዲተሩን ስም ላንዘል ቃል ገብተናል። እናንተም በሚቀጥለው ጊዜ ጃኬታችሁን ከማንሳታችሁ በፊት ሁለት ደቂቃ ታገሱ።

ቸር እንሰንብት!